የቤተ ሰብ ጤና፦ በሕፃን አውራ ጣት የተጠመጠመ ጠጕርና በሐኪም ቤት ወረቀት ላይ የሚጻፈው ምልክት

በዚህ ወር የምንመልሰው ጥያቄ በአሜሪካ አገር ከሚኖሩ አንዲት እናት የደረሰን ነው። የአራት ወር ሴት ልጃቸው አንድ ሌሊት ያለማቋረጥ ስታለቅስ አደረች። ጡት ቢሰጧት እንቢ አለች፤ ቢያዝሏትም ቢያባብሏትም ዝም አላለችም። ሊነጋጋ ሲል ለብርዱ ያጠለቁላትን የእጅ ጓንት ቢያወልቁት የግራ እጅዋ አውራ ጣት አብጦና ቀልቶ፣ ከወደ ሥሩም ጠባብ ቀለበት የነበረበት ይመስል የተሰረጐደ መስመር ይዞ አዩት። ወዲያው ሐኪም ቤት ወሰዷት። ሐኪሙም በአጉሊ መነጽር ሲመረምር አንድ የጠጕር ዘለላ ተጠምጥሞበት አገኘ፤ ፈትቶም አወጣው። ጣቱም በእግዚአብሔር ቸርነት ዳነ።

እኚህ እናት የጻፉልን ግን ስለ ጣቱ አይደለም። ከጥቂት ሳምንት በኋላ በፖስታ በደረሳቸው የሒሳብ ወረቀት ላይ «ኤስ 60.342ኤ»፣ ከርሱም በታች «ደብልዩ 49.01ኤክስኤ» የሚሉ ሁለት ምልክቶች ተጽፈው አዩ። አንድ የሚያውቁት ሰው ሁለተኛውን ተመልክቶ «ይህ ጉዳቱን ያደረሰው ማን እንደ ሆነ የሚጻፍበት ነው» ስላላቸው ከዚያ ቀን ወዲህ እንቅልፍ አጥተዋል። «ልጄን እኔ እንደ ጐዳኋት ተደርጎ ተጽፎብኝ ይሆን?» ሲሉ ይጠይቃሉ።

እኅታችን ሆይ፤ መልሱን ሳናስረዝም እንነግርዎታለን፤ እንዲህ ያለ ነገር አልተጻፈብዎትም። የተጻፈው የልጅዎ የግራ እጅ አውራ ጣት በጠጕር ተጠፍንጎ እንደ ነበረ፣ ይህም በአደጋ እንደ ደረሰ፣ በዚያን ጊዜም በሕክምና ላይ እንደ ነበረች ነው። በሁለቱ ምልክቶች ውስጥ ስለ ማንም ሰው በደል የምትናገር አንዲት ፊደል የለችም። ይሁን እንጂ ቍጥር ዝም ብሎ ስለሚያይ ሰውን ያስፈራል፤ ቋንቋውን ለማያውቅ ደግሞ ይበልጥ ያስፈራል። ስለዚህ ምልክቶቹን ፊደል በፊደል እንፍታቸው።

በአሜሪካ ማንኛውም ሐኪም ያየውን በሽታ ወይም ጉዳት በቃል ከጻፈ በኋላ የመዝገብ ሠራተኞች ያንኑ ቃል ወደ ምልክት ይመልሱታል። ይህ ዝርዝር እ.ኤ.አ. ከጥቅምት 1 ቀን 2015 ጀምሮ በዚያ አገር የሚሠራበት ሲሆን፣ የዓለም ጤና ድርጅት ካወጣው ዐሥረኛ እትም ተነሥቶ ለአሜሪካ ሐኪም ቤቶች እንዲስማማ የሰፋ ነው። «ኤስ» የምትለው ፊደል ጉዳት የሚመዘገብበትን ምዕራፍ ታሳያለች። 60 ማለት በእጅ አንጓ፣ በእጅና በጣቶች ላይ የደረሰ ላይ ላዩን የሆነ ጉዳት ማለት ነው። ከነጥቡ በኋላ ያለው 3 አውራ ጣትን፣ ቀጥሎ ያለው 4 በውጭ ነገር መጠፍነግን ያመለክታል። 2 ግራ ነው፤ ቀኝ ቢሆን ኖሮ 1 ይጻፍ ነበር፤ የቱ እንደ ሆነ ሐኪሙ ሳይጽፍ ከቀረ ደግሞ 9 ይገባል። የመጨረሻዋ «ኤ» ሕመምተኛው ጉዳቱን ለማስወገድ በሚደረገው ሕክምና ላይ ያለ መሆኑን ታስረዳለች። ብዙ ሰዎች ይህችን ፊደል «የመጀመሪያ ቀን» ማለት ይመስላቸዋል፤ ሕክምናው ሁለትና ሦስት ቀን ቢፈጅ፣ ሐኪሙም ቢለዋወጥ «ኤ» ልትቀጥል ትችላለች።

እዚህ ላይ «ላይ ላዩን» የሚለው ቃል ያስቈጣዎት እንደ ሆነ እንረዳለን። ሌሊቱን በሙሉ ስታለቅስ ያደረች፣ ጣትዋን ልታጣ የተቃረበች ሕፃን ጉዳትዋ እንዴት ላይ ላዩን ይባላል? ቃሉ የጭንቁን መጠን አይመዝንም፤ ቆዳው አለመቈረጡን፣ አጥንቱ አለመሰበሩን፣ ጣቱ አለመለየቱን ብቻ ይናገራል። ቆዳው ተቈርጦ ቢሆን በኤስ 61፣ ጣቱ በጉዳት ተቈርጦ ወድቆ ቢሆን በኤስ 68 በተመዘገበ ነበር። በዚህ በኩል ሲታይ ልጅዎ በ60 ውስጥ መመዝገብዋ የሚያስደስት ነው።

አሁን ወደ ሁለተኛው ምልክት እንምጣ፤ ያስፈራዎት እርሱ ነውና። የዝርዝሩ ሕግ የመጠፍነግ ጉዳት በተመዘገበ ጊዜ የጠፈነገው ነገር ምን እንደ ሆነ በሌላ ምልክት እንዲገለጽ ያዝዛል። ደብልዩ 49.0 ለዚህ የተሰጠ ቦታ ነው። በሥሩ 01 ጠጕር ነው፤ 02 ክር ወይም ገመድ፤ 03 ላስቲክ፤ 04 ቀለበት ወይም ሌላ ጌጥ፤ 09 ደግሞ ከነዚህ የተለየ ነገር ነው። «ኤክስ» የምትለው ፊደል ትርጕም የላትም፤ የመጨረሻዋ ፊደል ሁልጊዜ በሰባተኛው ቦታ እንድትቀመጥ ክፍት ቦታውን ትሞላለች። እንግዲህ የተነገረው «ጠጕር ነው» ተብሎ ብቻ ነው። ጠጕሩ የማን እንደ ሆነ እንኳ አይጠይቅም።

ከዚህም በላይ ምልክቱ ያለበት ክፍል ራሱ ምስክር ነው። በዚህ ዝርዝር ውስጥ ከቪ 00 እስከ ኤክስ 58 ያሉት ምልክቶች ለአደጋ የተመደቡ ናቸው፤ ደብልዩ 49 በመካከላቸው ነው። ሰው በሰው ላይ ያደረሰው ጉዳት ከኤክስ 92 ጀምሮ በሌላ ክፍል ይጻፋል። በልጅ ላይ ለተፈጸመ ወይም ለተጠረጠረ በደልም «ቲ» በምትባለው ፊደል የሚጀምሩ የተለዩ ምልክቶች አሉ። ሐኪሙ ስለ ሁኔታው ምንም ሳይጽፍ ቢቀር እንኳ፣ ጉዳቱ እንደ አደጋ እንዲመዘገብ የዝርዝሩ መመሪያ ያዝዛል። ሊታወቅ አልቻለም የሚለው ምልክት የሚጻፈው ሐኪሙ ራሱ «ማወቅ አልተቻለም» ብሎ በግልጥ ሲጽፍ ነው። የወዳጅዎ ንግግር በቅን ልብ የተነገረ ሊሆን ይችላል፤ ነገር ግን «በምን» የሚለውን ጥያቄ «በማን» ከሚለው ጋር አደባልቆታል።

እውነቱን ሁሉ ለመናገር ግን፣ ሐኪሙ በዚያ ሌሊት ብዙ ጥያቄ ጠይቆዎት ይሆናል፤ መቼ እንዳዩት፣ ልጅቱ ከማን ጋር እንደ ነበረች፣ ሌላ ጣት እንደ ታሰረ። በአሜሪካ ሕግ ሐኪሞች በልጅ ላይ በደል ከጠረጠሩ ለሚመለከተው ክፍል የማስታወቅ ግዴታ አለባቸው፤ ስለዚህ መጠየቅ ልማዳቸው ነው። በሕፃን ጣት ላይ ጠጕር መጠምጠም ግን ብዙውን ጊዜ በአደጋ የሚደርስ መሆኑ በሕክምና ከታወቀ ቆይቷል። እንዲህ ያለ ነገር የደረሰባት እናት እፍረትና ፍርሃት ይዟት ነገሩን ብትሸሽግ፣ ወይም «ራሱ ነው ያበጠው» ብትል፣ ራስዋንም ልጅዋንም ትጐዳለች፤ ሐኪሙ ጠጕር መፈለግ ሲገባው ሌላ በሽታ ሲፈልግ ሰዓቱ ያልፋልና።

የመዝገቡ ነገር ከየት እንደ መጣ ጥቂት ብንናገር አይከፋም። በ1662 ዓመተ ምሕረት፣ በፈረንጆች አቆጣጠር ማለታችን ነው፣ ጆን ግራንት የሚባል የለንደን ነጋዴ የከተማውን የሞት መዝገብ ሰብስቦ ሰዎች በምን በምን ምክንያት እንደ ሞቱ በመቍጠር መጽሐፍ አሳተመ። የዚህ ሰው ንግድ ክርና አዝራርን የመሰለ የልብስ ዕቃ ነበር፤ ስለ ክር በምንጽፍበት ገጽ ስሙ መነሣቱ አጋጣሚ ነው። በ19ኛው ምእት ዓመት ዊልያም ፋር የተባለ እንግሊዛዊ ሐኪም አንድ በሽታ በየቦታው በልዩ ልዩ ስም ሲጻፍ ለመቍጠር እንደማይመች አስረድቶ ለስሞቹ ሥርዐት አወጣ። በ1893 የፓሪሱ ዣክ በርቲዮን መንግሥታት ሁሉ ሊሠሩበት የሚችሉ አንድ የሞት ምክንያት ዝርዝር በሺካጎ ጉባኤ አቀረበ። በ1948 የዓለም ጤና ድርጅት ስድስተኛውን እትም ሲያወጣ ለሞት ብቻ ሳይሆን በሕይወት ላሉ ሕመምተኞችና ለተጐዱትም ጭምር እንዲያገለግል ተደረገ። የሕፃን ጣት በዝርዝሩ ውስጥ ቦታ ያገኘው በዚህ መንገድ ነው። በአሜሪካ ቀድሞ ይሠራበት የነበረው እትም በጣት ላይ የደረሰ እንዲህ ያለ ጉዳት ቀኝ ይሁን ግራ አይለይም ነበር፤ የዛሬው ይለያል። ከ70,000 በላይ ምልክቶች አሉት። ይህን ያህል መብዛቱ ይጠቅማል ወይስ ያታክታል የሚለውን ክርክር ለባለ ሙያዎቹ እንተወው። እኛ ግን ስለ አውራ ጣት ለይቶ መጠየቁን እንወድለታለን።

አውራ ጣት አውራ መባሉ በከንቱ አይደለም። ያለ እርሱ ጕርሻ አይጠቀለልም፣ መርፌ አይያዝም፣ ብዕር አይጨበጥም። አሜሪካውያን ሐኪሞች የአካል ጉዳትን በሚመዝኑበት መጽሐፍ አውራ ጣቱን ያጣ ሰው የእጁን 40 በመቶ እንዳጣ ይቈጠራል። እንዲህ ያለው ጣት በአንዲት ጠጕር ሊጠፋ ይችላል ቢባል የማያምን ብዙ ነው፤ ስለዚህ ነገሩ እንዴት እንደሚሆን እናስረዳ።

ሴት ፀንሳ ሳለች ጠጕርዋ ከወትሮው ይልቅ ሳይረግፍ ይቈያል። ከወለደች በኋላ ግን በዚያ ወራት መርገፍ ይገባው የነበረው ሁሉ ባንድ ጊዜ መርገፍ ይጀምራል። ይህም ብዙውን ጊዜ ከሁለት እስከ አራት ወር ባለው ውስጥ ነው። በእኛ ቤተ ክርስቲያን ሥርዐት ሴት ልጅ በሰማንያ ቀንዋ ክርስትና ትነሣለችና፣ የጠጕሩ መርገፍ ብዙውን ጊዜ ከዚያ ሰሞን ጋር ይገጥማል፤ ወንድ በአርባ ቀኑ ስለሚጠመቅ ከጥምቀቱ በኋላ ይመጣል። እናትየዋ ለክርስትናው ቀን ሹሩባዋን ስትፈታና ስትሠራ፣ ስታበጥር፣ ልጅዋንም ስታቅፍ፣ የረገፈው ጠጕር በልብስዋ፣ በመታቀፊያውና በሕፃኑ ካልሲ ውስጥ ይገባል። የሕፃኑ ልብስ ከትልልቆቹ ጋር ባንድነት ሲታጠብም ጠጕሩ በጓንቱ ወይም በካልሲው ውስጠኛ ክር ላይ ይጠላለፋል። ሕፃን ደግሞ ጣቱን ያለ ዕረፍት የሚያንቀሳቅስ ፍጥረት ስለ ሆነ ራሱ በራሱ ይጠመጥመዋል።

ጠጕር ሲረጥብ ይለጠጣል፤ ሲደርቅ ይኮማተራል። በላብ ወይም በውሃ ርሶ የተጠመጠመው ዘለላ እየደረቀ ሲሄድ ይጠብቃል። በመጀመሪያ የሚዘጋው ደም ወደ ልብ የሚመለስበት ሥር ነው። ደም ወደ ጣቱ ይገባል፤ መውጫ ግን ያጣል፤ ስለዚህ ጣቱ ያብጣል። እብጠቱ ደግሞ ጠጕሩን ይውጠውና ከዐይን ይሰውረዋል፤ ማሰሪያውንም ይበልጥ ያጠብቀዋል። በመጨረሻም ደም የሚያመጣው ሥር ሲዘጋ ጣቱ ከቀይነት ወደ ሐምራዊነት፣ ከዚያም ወደ ጥቍረት ይለወጣል፤ ሥጋውም ይሞታል። ቀኖች ካለፉ ጠጕሩ ቆዳውን ቈርጦ ይገባና ቆዳው በላዩ ሊገጥም ይችላል፤ በዚህ ጊዜ ከውጭ የሚታየው ቍስል ብቻ ነው።

ስለዚህ ሕፃን ምክንያቱ ሳይታወቅ ቢያለቅስ፣ ጠግቦ፣ ደርቆ፣ ትኵሳት ሳይኖረው እንቢ ቢል፣ ልብሱን በሙሉ አውልቃችሁ በብርሃን ተመልከቱት። ዐሥሩን የእጅ ጣቶች፣ ዐሥሩን የእግር ጣቶች አንድ በአንድ ለያይታችሁ እዩ፤ ይህ ነገር ከእጅ ይልቅ በእግር ጣት ላይ ይበዛልና። ኀፍረተ ሥጋውንም መመልከት ያስፈልጋል፤ እዚያም ይደርሳል፤ ነውር ነው ተብሎ የሚታለፍ አይደለም።

ጠጕሩ ጐልቶ የሚታይ፣ ጫፉም የሚያዝ ከሆነ በንጹሕ ወረንጦ ቀስ ብሎ መፍታት ይቻላል። የማይታይ ከሆነ፣ ቆዳው ከተቈረጠ፣ ወይም ጣቱ ከጠቈረ በቤት ውስጥ በምላጭና በመቀስ መታገል ክፉ ነው፤ በጣቱ ግራና ቀኝ የደም ሥሮችና ስሜት የሚያደርሱ ነርቮች ያልፋሉና። ሐኪም ቤት ሌሊትም ቢሆን መሄድ ይገባል፤ እስኪነጋ የሚባልበት ነገር አይደለም። ሐኪሙ በአጉሊ መነጽር ፈልጎ ይፈታዋል ወይም ይቈርጠዋል። ቆዳው ያልተቈረጠ ሲሆን ጠጕር የሚያሟሟ ቅባት የሚጠቀሙም አሉ። ይህ ቅባት ጠጕርን እንጂ የጥጥ ወይም የናይሎን ክርን አያሟሟም። እንግዲህ በመዝገቡ ላይ 01ና 02 ተለይተው መጻፋቸው ለቍጥር ብቻ እንዳልሆነ እዩ፤ ጠጕር ነው ወይስ ክር ነው የሚለው መልስ ሕክምናውን ራሱን ይለውጠዋል። ጠጕሩ ጠልቆ የገባ እንደ ሆነም ሐኪሙ ጣቱን በመድኀኒት አደንዝዞ በጣቱ ጀርባ በኩል በርዝመቱ ይቀደዋል። ከተፈታም በኋላ በማግሥቱ መታየት አለበት፤ አንድ ዘለላ ሲወጣ ሌላው ቀርቶ ሊገኝ ይችላል።

ከሕፃናት ሌላ ያሉትን ባጭሩ እንለፋቸው። ጣቱን በክር ወይም በላስቲክ አጥብቆ ሲጠቍር ማየት ደስ የሚለው ልጅ በየቤቱ አለ፤ ተቈጥቶ ማስተው ነው። በሽንኵርት ቢላዋ የተቈረጠን አውራ ጣት በጨርቅና በክር አጥብቀው አስረው ተኝተው የሚያድሩ አሉ፤ ደሙ ከቆመ በኋላ ማሰሪያው ጣቱን እንዳያደነዝዝ መላላት አለበት። እጅ ሲያብጥ፣ ነፍሰ ጡርነት ሲገፋ ወይም እጅ ሲጐዳ ቀለበት ቶሎ ይውለቅ። እምቢ ካለ እጅን ከልብ ከፍ አድርጎ መያዝና ሳሙና መቀባት ይረዳል፤ ካልሆነ ሐኪም ቤት ቀለበት የሚቈርጥ መሣሪያ አለ። የቃል ኪዳን ቀለበት ቢቈረጥ ቃል ኪዳኑ አይቈረጥም፤ ወርቁንም አንጥረኛ ይቀጥለዋል። ማተብን በተመለከተ፣ የተበተነ ጫፉ የሕፃን ጣት እንዳይጠልፍ ክሩን አሳጥሮ መከርከም ተገቢ ነው። በእንቅልፍ ጊዜ በሕፃን አንገት ላይ የሚቀር ረጅም ክር ግን ከጣት የባሰ አደጋ ስላለው እንዴት እንደሚደረግ የንስሐ አባታችሁን አማክሩ።

በባሕር ማዶ ላሉ ወገኖቻችን ደግሞ የቋንቋን ነገር ልዩ አድርገን እናሳስባለን። በአማርኛ ጣት ስንል የእጁንም የእግሩንም ማለታችን ነው፤ አውራ ጣትም በእጅ እንዳለ ሁሉ በእግርም አለ። በእንግሊዝኛ ግን የእጅ አውራ ጣት፣ ሌሎቹ የእጅ ጣቶችና የእግር ጣቶች ሦስት የተለያየ ስም አላቸው። ዝርዝሩም ይህንኑ ተከትሎ ለሦስቱ ሦስት ቦታ ሰጥቷል፤ የእጅ አውራ ጣት በኤስ 60.34፣ ሌሎቹ የእጅ ጣቶች በኤስ 60.44፣ የእግር ጣቶች በኤስ 90.44 ይመዘገባሉ። እናት ደንግጣ «ልጄ ጣትዋን» ብላ ብቻ ብትናገር፣ የሚያስተረጕመውም የጎረቤት ልጅ እንደ መሰለው ቢናገር፣ ወረቀቱ ሌላ ጣት ሊመዘግብ ይችላል። ስለዚህ «የግራ እጅዋ አውራ ጣት» ብላችሁ ሙሉ ቃሉን ተናገሩ፤ በእጃችሁም አመልክቱ። ጠጕር እንደ ሆነ ጠጕር፣ ክር እንደ ሆነ ክር በሉ፤ ያወጣችሁትም ካለ በወረቀት ጠቅልላችሁ ይዛችሁ ሂዱ። መቼ መጀመሪያ እንዳያችሁትም ንገሩ። በአሜሪካ ከፌዴራል መንግሥት ገንዘብ የሚቀበሉ ሐኪም ቤቶች እንግሊዝኛ ለማይችል ሕመምተኛ ያለ ክፍያ አስተርጓሚ የማቅረብ ግዴታ አለባቸው፤ «አማርኛ» የሚለውን ቃል ብቻ መናገር ለመጀመር ይበቃል። ትንሹን ወንድም ወይም ትንሿን እኅት በአስተርጓሚነት ማቆም ለልጁም ሸክም ነው።

በአገራችን ያላችሁ አንባብያን ይህ የአሜሪካውያን ዝርዝር በካርዳችሁ ላይ አይገጥማችሁ ይሆናል። የትኛው ጣት፣ የትኛው እጅ፣ ምን ጠፈነገው፣ ከመቼ ጀምሮ የሚሉትን ጥያቄዎች ግን በየትም አገር ያለ ሐኪም ይጠይቃችኋል።

ወረቀቱ ስሕተት ይዞ ቢመጣ፣ ለምሳሌ ግራ በነበረው ፈንታ ቀኝ ቢጻፍ፣ ወይም ሳይለይ 9 ቢገባ፣ ዝም ብሎ ማለፍ አያስፈልግም። በዚያ አገር ሕግ ሕመምተኛ፣ ለሕፃንም ወላጅ፣ መዝገቡን የማየትና ስሕተት ያገኘ እንደ ሆነ እንዲታረም የመጠየቅ መብት አለው። ጥያቄውን ለሐኪም ቤቱ የመዝገብ ክፍል በጽሑፍ ማቅረብና የደብዳቤውን ግልባጭ በቤት ማኖር መልካም ነው። የጤና መድን የሚከፍለው በእነዚህ ምልክቶች እየተመራ ስለ ሆነ፣ ክፍያ ሲከለከልም መጀመሪያ የሚታየው ምልክቱ በትክክል መጻፉ ነው።

እኅታችን ሆይ፤ በእርስዎ ወረቀት ላይ ግን የሚታረም ነገር አላየንም። ግራ ብለዋል፤ ግራ ተጽፏል። ጠጕር ነበረ፤ ጠጕር ተጽፏል። ልጅዎ ለሁለተኛ ጊዜ ለመታየት ቀጠሮ እንዳላት ጽፈውልናል። ከዚያ በኋላ የሚደርስዎት ወረቀት ቍጥሩ ሁሉ እንዳለ ሆኖ የመጨረሻዋ ፊደል ከ«ኤ» ወደ «ዲ» ብትለወጥ አይደንግጡ፤ ሕክምናው አልፎ ቍስሉ በመዳን ላይ ነው ማለት ነው። ወደ ፊት ጠባሳ ወይም የጣት መድረቅ ቀርቶ ስለዚያ የሚታከም ሰው ቢሆን «ኤስ» ይጻፍ ነበር። እርስዎ እንደ ጻፉልን ልጅቱ በዚያው አውራ ጣት የእናትዋን ነጠላ ጨብጣ የምትጐትት ከሆነ፣ «ኤስ» የምትጻፍበት ምክንያት አይታየንም።